ልጆቹ ካሜራውን እስኪረሱት

ለጋዜጣው ዝግጅት ክፍል፣

ስለ ገጠር ትምህርት ቤት የሚሠሩ ዘጋቢ ፊልሞች ብዙዎቹ ይመሳሰላሉ። ልጆች ተሰልፈው ይዘምራሉ፣ ርዕሰ መምህሩ ስለ ወንበር እጥረት ይናገራል፣ ተራኪው በሐዘን ድምፅ ያነባል፣ መኪናው ለማታ ጅማ ይገባል። በአንድ ቀን ከዚህ የተሻለ አይገኝም፤ ልጅ ለእንግዳ የሚያሳየው የእንግዳ ፊቱን ነው።

ሳይጠይቁና ሳያሰልፉ ታዝቦ መቅረጽ የሚፈልግ ሰው የመጀመሪያውን ሳምንት ሳይቀርጽ ይዋል። ካሜራው ግን ክፍል ውስጥ ይቁም፤ በእረፍት ሰዓት ልጆቹ በየተራ ይዩበት፣ ይጥገቡት። «ወደ ካሜራ አትዩ» ማለት አያስፈልግም፤ እንዲያ የተባለ ልጅ ላለማየት ሲታገል ይውላል። ከፍታው የተቀመጠ ልጅ ዓይን ልክ፣ ከወለሉ አንድ ሜትር ገደማ ይሁን። መብራት በሌለበት ክፍል ደግሞ ካሜራማኑ ጀርባውን ለመስኮቱ ይስጥ፤ ወደ መስኮቱ ዞሮ ከቀረጸ የልጆቹ ፊት ይጠቁራል።

ፊልሙን የሚገድለው ከምስሉ ይልቅ ድምፁ ነው። ካሜራው ላይ ያለው ማይክ ከልጆቹ ሹክሹክታ በፊት የዴስኩን ሲጥሲጥታ ይለቅማል። አንድ ገመድ አልባ ማይክ መምህሩ ደረት ላይ፣ ሌላው በዘንግ ከልጆቹ ራስ በላይ ይያዝ። ዘንጉን የሚይዘው ሰው አፋን ኦሮሞ ካልሰማ ቀጥሎ ማን እንደሚናገር አያውቅም፤ ሁልጊዜ ዘግይቶ ይደርሳል። ተማሪዎቹ ሲወጡ የባዶው ክፍል ድምፅ ለአንድ ደቂቃ ይቀዳ፤ በኤዲቲንግ ጊዜ ክፍተቱን የሚደፍነው እሱ ነው።

ዝናብ ቆርቆሮው ላይ ሲወርድ ምንም ማይክ አያድንም። ይህን ሸሽቶ ኅዳርን የመረጠ ደግሞ ቡና ለቀማ ላይ ይደርስና ወንበሮቹን ባዶ ያገኛቸዋል። አንዳንዱ ልጆቹ እስኪመለሱ ይጠብቃል። በእኛ እምነት የፊልሙ እምብርት ያ ባዶ ወንበር ነው፤ የጅማ ገጠር ልጅ የትምህርት ዘመን በቡና የተከፈለ ነውና።

ሌላው ሒሳብ ነው። በሴኮንድ 100 ሜጋቢት የሚቀርጽ ካሜራ በሰዓት 45 ጊጋባይት ይበላል። በቀን ሁለት ሰዓት ለ20 ቀን ከተቀረጸ 1.8 ቴራባይት ይሆናል፤ ቅጂው ሲጨመር ሁለት ባለ 2 ቴራ ዲስክ ያስፈልጋል። ሁለቱን በአንድ ቦርሳ የሚይዝ ቅጂ አለኝ አይበል።

የርዕሰ መምህሩ ደብዳቤ የወላጅን ፈቃድ አይተካም። ወረቀቱ በሚገባቸው ቋንቋ ይነበብላቸው፤ ልጁም ራሱ ይጠየቅ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 36 የሕፃኑን ጥቅም ያስቀድማል። ዱላ ከተነሣ ካሜራው ይውረድ፤ ወላጅ ቢፈቅድም እንኳ ልጅ ሱሪው ላይ ሲሸና የሚያሳይ ምስል ፊልሙ ውስጥ አይግባ። ያ ልጅ አድጎ ስልኩ ላይ ያገኘዋል። የመጀመሪያው ዕይታም እዚያው ትምህርት ቤት ግድግዳ ላይ ይሁን፤ ያውም ፊልሙ ገና ሳያልቅ፣ አንዲት እናት «ይህችን አውጡልኝ» ብትል ማውጣት በሚቻልበት ሰዓት።

የዘጋቢ ፊልም ባለሙያዎች፣ ከጅማ