ረቡዕ ሌሊት ሂርማታ እንገናኝ

እማዬ፣ እንደምን ከረምሽ? እኔ በጣም ደህና ነኝ፣ እግዚአብሔር ይመስገን። ሥራውም ቀላል ነው፣ እሱን አታስቢ። ለሚጡ ሠርግ የሚሆነውን ገንዘብ ትናንት ልኬያለሁ፤ የሚስጥር ቁጥሩ በስልኳ ገብቷል። መጀመሪያ የግፊት መድኃኒትሽ ይገዛ፤ ድንኳኑም ሌላውም ከዚያ በኋላ ይደርሳል።

አሁን ወደ ዋናው ነገር ልግባ። ተኝተን በሕልም በምንገባበት በሂርማታ፣ በጅማው የጥንት ገበያ፣ አይተሽኝ ስትጠሪኝ ዞር ሳልል አለፍኩ አሉ፤ «ልጄ ጨከነብኝ» ብለሽ ከዚያ ወዲህ እንደከፋሽ ሚጡ ነገረችኝ። እማዬ፣ ያየሽው ጥላዬን ነው። እዚያ ገበያ ባለቤቱ ነቅቶ እያለ የሚዞር ጥላ ይራመዳል እንጂ አይሰማም። አንቺ ሕልም ስታዪ እኔ ነቅቻለሁ። ሰዓታችን ነው ያልገጠመው፤ እንዴት ብዬ እጨክንብሻለሁ?

ዋሽንግተን አሁን ከጅማ 7 ሰዓት ወደ ኋላ ነው። የሌሊት ፈረቃ ስለሆንኩ የምተኛው በእናንተ ከቀኑ 9 እስከ ማታ 4 ሰዓት ነው። አንቺ ደግሞ 3 ሰዓት ላይ ጋደም ትያለሽ። አብረን የምንተኛው አንዲት ሰዓት ብቻ ናት ማለት ነው፤ እሷም ላንቺ ሕልም የሌለበት ከባዱ እንቅልፍ ነው። የመጀመሪያው ሕልም የሚመጣው እንቅልፍ ከወሰደን ከ90 ደቂቃ ገደማ በኋላ ነው፣ አጭር ነው፤ እየነጋ ሲሄድ ነው የሚረዝመው። ስለዚህ ገበያው ለእኔ ሞቅ ሲል ላንቺ ገና በሩ አልተከፈተም።

ረቡዕ ማታ ግን ሥራ የለኝም። መኝታዬን አዘግይቼ በእናንተ ከምሽቱ 12 እስከ ሌሊት 7 ሰዓት እተኛለሁ። አንቺ እንደልማድሽ 3 ሰዓት ላይ ከተኛሽ ሁለተኛው ሕልምሽ 6 ሰዓት ገደማ ይገባል፣ እኔም ያኔ እዚያው ነኝ። ለሐሙስ አጥቢያ መሆኑም ጥሩ ነው፤ በአባ ጅፋር ዘመን የሂርማታ ትልቁ ገበያ ሐሙስ ይውል ስለነበር የሕልሙም ያን ሌሊት ይደምቃል። በጥቅምት መጨረሻ እዚህ ሰዓት ስለሚቀየር ልዩነቱ 8 ይሆናል፤ ያኔ ሁሉም በአንድ ሰዓት ይዘገያል።

ረቡዕ ቡናሽን ከቀኑ 8 ሰዓት በፊት ጨርሺ። ጅማ ለተቀመጠ ሰው እንዲህ ማለት እንደሚከብድ አውቃለሁ፤ ግን ቡና ከተጠጣ ከ5 ሰዓት በኋላም ግማሽ ያህል ኃይሉ ሰውነት ውስጥ ይቆያል፣ እንቅልፍ ያሳሳል። እዚህ የምገዛው ቡና ተቆልቶ የተፈጨ ነው። ከምጣዱ ላይ አንስተሽ በየሰዉ ፊት የምታዞሪው ጢስ ግን በየትም አይገኝም። እሱ ጢስ ናፍቆኛል እማዬ፣ በጣም ናፍቆኛል።

ክኒንሽንም እንዳታቋርጪ። አንዳንዱ የግፊት መድኃኒት ሕልም ያበዛል፤ ቅዠት ከሆነብሽ ለሐኪሙ ንገሪው እንጂ በራስሽ አትተዪው።

አንድ ቁንጥር ጨው በነጠላሽ ጫፍ ቋጥረሽ ትራስጌሽ አሳድሪ። ለትራስጌ ነው ያልኩት፣ ወጥሽ ላይ እንዳትጨምሪው። አንዱ ቁንጥር እዚያ አንድ አሞሌ፣ የጥንቱ የጨው ገንዘብ፣ ይሆናል፤ የኛን ብር አይቀበሉም። ጠርዙ እንዳይሸረፍ ተጠንቀቂ፤ የተሸረፈ አሞሌ በጥንቱም ገበያ ዋጋው ይወርድ ነበር። መንዛሪዎቹ በጠገራ ካልለወጥንልሽ ይሉሻል። ጠገራ ማለት ማርያ ትሬዛ የምትባለው የብር ገንዘብ ናት፤ ንግሥቲቱ ከሞተች በኋላ መቼም ትመታ መች የተጻፈባት ዓመት 1780 ነው። በሕልም ጽሑፍ አይረጋም፤ ዞር ብለሽ ስትመለሺ 1870 ብትሆን ሐሰተኛ ናትና መልሺላቸው።

በአዌቱ ድልድይ በኩል ግቢ። መጀመሪያ በርጩማ ሻጮቹን ታገኛለሽ። የጅማ በርጩማ ከአንድ ግንድ የሚፈለፈል ባለ ሦስት እግር ነው። እግሩን ቁጠሪ፣ ዓይንሽን አንስተሽ እንደገና ቁጠሪ። አራት ከሆነብሽ ሕልም ውስጥ መሆንሽን አወቅሽ፤ ይህን ያላወቀ ሰው ገበያው ወደፈለገበት ይነዳዋል።

ከማር ተራ ቀጥሎ ድምፅ ተራ ነው። ለሚጡ የአባዬን ምርቃት ግዢላት። ጉልበት ስትስም የእሱ ቦታ ባዶ መሆኑን ሳስበው ሆዴ ይባባል፤ የእኔም ባዶ ነው፣ ወረቀቴ ገና አላለቀም። ድምፁ በቅል ታሽጎ ነው የሚሸጠው። ከመክፈልሽ በፊት ጆሮሽ ላይ አድርጊው፦ አባዬ ከመመረቁ በፊት ጉሮሮውን ይጠርግ ነበር፤ እሱ ከሌለበት አስመስለው የሠሩት ነው። ሌላ ዕቃ አትጨምሪ፣ ሁለተኛው የመጀመሪያውን ያስረሳል።

ስትነቂ አትንቀሳቀሺ። ሕልም በደቂቃዎች ውስጥ ይተናል፤ የስልክ ደወልም ያባርረዋል፣ ሚጡ ታጥፋው። ዓይንሽን እንደጨፈንሽ ሦስቴ በልብሽ በዪው፣ ከዚያ ከማንኛውም ወሬ በፊት ለእሷ ንገሪያት፣ በስልኳ ትቅዳሽ። ብዙ ሰው የሚዘረፈው ሳይነቃ የነቃ ሲመስለው ነው፦ ቤቱ የገባ መስሎት ቅሉን መደርደሪያ ላይ ያስቀምጣል። አንቺ የግድግዳውን ካላንደር ሁለቴ ሳታነቢ ምንም እንዳታስቀምጪ። ዱካክ ቢይዝሽ አትታገዪው፣ የእግርሽን ጣት ብቻ ለማንቀሳቀስ ሞክሪ፣ ያልፋል። በጀርባ ሲተኙ ስለሚብስ በጎንሽ ተኚ።

እኔ ማር ተራ መግቢያ ላይ እቆማለሁ። እንዳትጠሪኝ፣ መጥተሽ እጄን ያዢ፤ ከሞቀ እኔ ነኝ።

በዚህ ረቡዕ ባይሆንልን እንዳታዝኚ። ሠርጉ ጥር ነው፤ እስከዚያ ያሉትን ረቡዕ ማታዎች በሙሉ ዕረፍት አስመዝግቤያለሁ።

ልጅሽ