የሙዚቃ ክበብ ዘገባ፦ ቤዝ የሌለው ዓመት

አስቀድሜ አንድ ነገር ላጥራ። ዘንድሮ የሙዚቃ ክበባችን ዓመቱን ሙሉ ሲያጠና የከረመው የአንድ የሰርቢያ ጋራዥ ሮክ ባንድ ታሪክ ነው። ተሳስተን አይደለም፣ አውቀን ነው። "ምነው፣ የኛ ሙዚቃ አለቀ?" ብላችሁ ስታፍ ሩም ውስጥ ለቀለዳችሁብኝ ባልደረቦቼ፦ አላለቀም። ባለፉት ሦስት ዓመታት ክራርም ማሲንቆም ነክተናል፣ ትዝታና ባቲም ሠርተናል፣ የመጽሔታችንን የቆዩ እትሞች ገልጣችሁ እዩ። ዘንድሮ ግን ሌላ ምክንያት ነበረን።

ምክንያቱ ቤዝ ጊታር (ወፍራሙን፣ ዝቅ ያለውን ድምፅ የሚያወጣው ጊታር) ነው። ማለቴ የቤዝ ጊታር አለመኖር።

መስከረም ላይ ዕቃ ግምጃ ቤቱን ስንከፍት ያገኘነው ሁለት ጊታር (አንዱ ባለ አምስት ክር፣ ስድስተኛው ከተበጠሰ ቆይቷል) እና ፊቱ በፕላስተር የተለጠፈ አንድ ድራም ነው። አምፕሊፋየሩን የምንዋሰው ከሚኒ ሚዲያ ነው። በር ላይ ደግሞ 23 ልጆች ቆመዋል፣ ሁሉም ባንድ መመሥረት ይፈልጋሉ። አንድ የ11ኛ ክፍል ልጅ ዕቃዎቹን አንድ በአንድ እያነሳ አየና "ቲቸር፣ ያለ ቤዝማ ባንድ አይባልም" አለኝ። ልጁ ልክ ነው። እኔ ግን በዚያች ሰዓት ተስፋ ላስቆርጣቸው ስላልፈለግሁ ፓርቲብሬይከርስ የሚባል ባንድ አነሳሁ። የመጀመሪያ አልበማቸውን ሲቀዱ ቤዝ ተጫዋች አልነበራቸውም። ሁለት ጊታር፣ ድራም፣ አንድ የሚጮህ ሰው። በቃ።

"እስቲ ያሰሙን" አሉ። አሰማኋቸው። ዓመቱ በዚያው ሄደ።

"ጋራዥ ሮክ" ስላቸው ግማሾቹ የመካኒኮች ባንድ መስሏቸው ነበር። አልፈርድባቸውም፣ እኛ አገር ጋራዥ ማለት መኪና የሚጠገንበት፣ ዘይት የሚፈስበት ቦታ ነው። ስሙ የመጣው ግን ልጆች ሰፈር ውስጥ፣ ቤተሰብ መኪና በሚያቆምበት ክፍል ተሰብስበው፣ በሦስት በአራት ኮርድ፣ በርካሽ ዕቃ ከሚጫወቱት ሙዚቃ ነው። አይለሰልስም፣ አይጣራም። ስህተቱ ከነጩኸቱ ይቀረጻል። ይሄ ከኛ ግምጃ ቤት ጋር የሚገጥም አልመሰላችሁም?

ባንዱ ቤልግሬድ ውስጥ በ1982 እ.ኤ.አ. ተመሠረተ። ዘፋኙ ዞራን ኮስቲች ነው፣ አገሬው "ፃኔ" ነው የሚለው። ጊታሪስቱ ኔቦይሻ አንቶኒዬቪች፣ "አንቶን"። ሌላው ሰው ሁሉ ገብቶ ወጥቷል፣ እነዚህ ሁለቱ ግን አልተላቀቁም። የአንቶን ጊታር ከብሉዝ የመጣ ነው፣ የፃኔ ድምፅ ደግሞ ከየት እንደመጣ እንጃ። ዘፈን አይባልም፣ የሚከራከር ሰው ነው የሚመስለው። የመጀመሪያው አልበም በ1985 ወጣ፣ ሁለተኛው በ1988፣ ሦስተኛው በ1989። ለሦስቱም ርዕስ አልተጨነቁም፣ የባንዱን ስም ደግመው ቁጥር ሰጧቸው። የመጀመሪያውን ያሳተመው ዩጎቶን የሚባለው የዛግሬብ ኩባንያ ነበር። ያኔ ቤልግሬድና ዛግሬብ የአንድ አገር፣ የዩጎዝላቪያ፣ ከተሞች ናቸው። ዛሬ አንዱ የሰርቢያ፣ አንዱ የክሮኤሺያ ዋና ከተማ ነው፣ ኩባንያውም ስሙን ቀይሯል።

እዚህ ላይ አንድ ጣጣ ገጠመን። የባንዱ ስም ትርጉሙ "ድግስ በጥባጮች" እንደ ማለት ነው። ልጆቹ የክበቡን ፕሮግራም በማስታወቂያ ሰሌዳ ላይ ሲለጥፉ ስሙን በትልቁ ጻፉት፣ አንዱ ብልጥ ደግሞ ከሥሩ "ፓርቲ በጥባጮች" ብሎ ተረጎመው። ፓርቲ ሲባል ማን ምን እንደሚያስብ ታውቃላችሁ። ማስታወቂያው በሁለተኛው ቀን የለም። እኔም ተጠራሁ፣ አስረዳሁ፣ ሳቅን፣ ቡናም ተጋበዝኩ። ማስታወቂያው ግን ተመልሶ አልተለጠፈም።

መደበኛ ስብሰባችን ሐሙስ ሐሙስ ከ9 ሰዓት ተኩል ጀምሮ ነበር። 26 ጊዜ ተሰብስበናል፣ ቃለ ጉባኤው አለ፣ የፈለገ ያንብብ። በሁለተኛው ሴሚስተር ያቋረጡት ዘጠኝ ልጆች ናቸው። የ12ኛ ክፍሎቹ ለፈተና ሄዱ፣ ጥቂቶቹን ደግሞ ወላጆቻቸው አስወጧቸው። ሚያዝያ ላይ አምፕሊፋየሩ ተቃጠለ። ጥፋቱ የኛ ነው ወይስ የመብራቱ የሚለው ጉዳይ ከሚኒ ሚዲያ ጋር አሁንም አልተቋጨም፣ ሰላምታ ግን አላቋረጥንም።

ከትምህርቶቹ ሁሉ ልጆቹን ዝም ያሰኛቸው የ1990ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ታሪክ ነው። አገሪቱ መፍረስ ጀመረች፣ ጦርነት መጣ። በ1992 የፓርቲብሬይከርስ ልጆች ከሌሎች ሁለት የቤልግሬድ ባንዶች ጋር ሆነው ሪምቱቲቱኪ የሚል ጊዜያዊ ባንድ አቋቋሙ (የስሙን ትርጉም ለልጆቹ አልነገርኳቸውም፣ እዚህም አልጽፈውም፣ ጨዋ መጽሔት ነው)። የጭነት መኪና ላይ ወጡ፣ ዕቃቸውን ጫኑ፣ ጦርነቱን እየተቃወሙ በከተማዋ መንገድ እየዞሩ ተጫወቱ። ክፍል ውስጥ ይሄን ስነግራቸው አንድም ልጅ ቀልድ አልወረወረም። ለምን እንደሆነ እናንተም ታውቁታላችሁ።

ቀጥሎ ማዕቀብ መጣ፣ የዋጋ ንረት መጣ። እኔ እንግዲህ የሒሳብ አስተማሪ ነኝና ዕድሉን አላሳለፍኩትም። በ1993 እ.ኤ.አ. የታተመችውን የ500 ቢሊዮን ዲናር ኖት ሰሌዳ ላይ ጻፍኩላቸው፣ 5 እና 11 ዜሮ። አንዱ "ቲቸር፣ በዚህስ ጊታር ይገዛል?" አለኝ። ኖቷ ላይ ያለው ሰው ገጣሚ ነው ስላቸው ደግሞ ይበልጥ ሳቁ። ፓርቲብሬይከርስ ከዚያ መዓት ወጥተው በ1994 "ጎምዛዛና ጣፋጭ" የሚል አልበም አወጡ። በ1997 "የበረዶ ዘመን" ተከተለ፣ ከዚያ በ2002፣ በ2007 እና በ2015 ሌሎች ሦስት። በ30 ዓመት ውስጥ ስምንት የስቱዲዮ አልበም መሆኑ ነው።

አሁን ወደ ጉዟችን ልምጣ፣ ይሄን ዘገባ ለመጻፍ የተቀመጥኩትም ለሱ ነው።

በሰፈሬ አንድ ጡረታ የወጡ መሐንዲስ አሉ። በወጣትነታቸው በስኮላርሺፕ ቤልግሬድ ተምረው በ1980 ዓ.ም. የተመለሱ ናቸው። የፓርቲብሬይከርስን የመጀመሪያ አልበም በካሴት ይዘው የመጡት እሳቸው ናቸው፣ እኔም ባንዱን ያወቅሁት ከሳቸው ነው። "እኔ እንኳ ጥላሁንን ነበር የምሰማው፣ አብሮኝ የሚያድረው ልጅ ነው ሲለየኝ የሰጠኝ" ይላሉ። የካቲት ማብቂያ ላይ አንድ ቅዳሜ ከ14 ልጆች ጋር ስድስት ኪሎ ይዘውን ሄዱ። (የታክሲውን ሒሳብ ከኪሴ ነው የከፈልኩት፣ ደረሰኝ ስለሌለው አይወራረድም ተብያለሁ። ይሁን።)

ለምን ስድስት ኪሎ? የየካቲት 12 ሐውልትን ቅርጾች የሠሩት አንቱን አውጉስቲንቺችና ፍራኖ ክርሺኒች የተባሉ የዩጎዝላቪያ ቀራጮች ናቸው። የዩጎዝላቪያው መሪ ቲቶና ጃንሆይ ወዳጆች በነበሩበት ዘመን የተሠራ ነው፣ ቲቶ ራሳቸውም በታኅሣሥ 1948 ዓ.ም. አዲስ አበባ መጥተው ነበር። ከልጆቹ አብዛኞቹ በታክሲ በየቀኑ ያልፉታል። ቀና ብሎ ያየው ግን የለም። መሐንዲሱ በከዘራቸው እያመለከቱ የወደቁትን፣ የሚጎተቱትን ሰዎች አንድ በአንድ አሳዩዋቸው። የነሱም አገር በፋሺስት የተወጋች ናት፣ ስለዚህ ሲቀርጹት የማያውቁትን አልቀረጹም፣ አሉ። ከዚያ ገናና ጥምቀትን ሰርቦቹ ከኛ እኩል በአንድ ቀን እንደሚያከብሩ ነገሯቸው፣ ልጆቹ ለጊዜው ወሬው ወደ ምግብ ዞረላቸው።

ድራም የምትመታልን አንዲት የ10ኛ ክፍል ልጅ አለች። ክፍል ውስጥ ድምጿ አይሰማም፣ ጣቶቿ ግን ዴስክ ላይ አያርፉም፣ ሦስት አስተማሪዎች ከሰውብኛል። ያን ቀን ከሐውልቱ ሥር ተቀምጣ ስታዳምጥ ቆየችና በድንገት፣

"ጋሼ፣ አገሩ ከሌለ ዲግሪዎ የየት አገር ነው የሚባለው?" አለቻቸው።

ደነገጥኩ። ልቆጣት አፌን ስከፍት እሳቸው በእጃቸው አስቆሙኝ። መነጽራቸውን አወለቁ፣ በኮታቸው ጫፍ ጠረጉት፣ መልሰው አላደረጉትም።

"ፎርም ስሞላ እኔም እዚያች ጋ ስደርስ እስክሪብቶዬ ይቆማል፣ ልጄ።"

"ምን ብለው ይሞላሉ?"

"ዩጎዝላቪያ ብዬ ነዋ። አሁን አሁን ግን በኮምፒውተር ሆነ፣ ከዝርዝሩ ምረጥ ይልሃል፣ ዝርዝሩ ውስጥ የለችም።"

ልጅቷ አሰበች። "ባንዱስ? የየት አገር ባንድ ነው የሚባለው?"

"የቤልግሬድ" አሉ፣ ቶሎ ብለው። "ቤልግሬድማ አለች።"

ራሷን ነቀነቀች፣ ከዚያ ጉልበቷን በጣቶቿ መምታት ጀመረች። መሐንዲሱም በከዘራቸው አስፋልቱን መታ መታ አደረጉ፣ ከምቱ ጋር ባይገጥምም። እኔ ወደ አንበሳ ግቢው አቅጣጫ ፊቴን አዞርኩ። ከዚህ በላይ አልጽፍም።

ከሁለት ሳምንት በኋላ ልጅቷ ከደብተሯ የተቀደደ ወረቀት ይዛ መጣች። "ዝርዝር ውስጥ የለችም" የሚል ዘፈን ጽፋለች። በወላጆች ቀን ያቀረብነው እሱን ነው። አምፕሊፋየር ስለሌለን ማይክሮፎኑን ጊታሮቹ ፊት አቆምነው። "ያለ ቤዝ ባንድ አይባልም" ያለኝ ያው ልጅ ባለ አምስት ክሩን ጊታር ይዞ ወፍራሟን ክር ብቻ ሲያንኳኳ ዋለ። ሁለት ጊዜ ከምት ወጡ፣ መግቢያውን ረሱት፣ እንደገና ጀመሩ። አንድ ወላጅ ጆሯቸውን ይዘው ሲወጡ አይቻለሁ። መሐንዲሱ ግን ከፊት ወንበር ተቀምጠው ነበር፣ መነጽራቸውን አውልቀው።

ለክበቡ ዘንድሮ የተመደበው በጀት ለአንድ ፓኬት ክርና ለጥቂት ማርከር በቅቷል። የኳስ ሜዳው አዲሱ መረብ በጣም ያምራል፣ አልቀናንም። የምንጠይቀው ብዙ አይደለም። የግምጃ ቤቱ ቁልፍ ቅጂ፣ የድራም ፊት፣ አንድ ቤዝ ጊታር። ሁለተኛው አልበማቸው ላይ ፓርቲብሬይከርስም ቢሆኑ ቤዝ አስገብተዋል እኮ። ቤቱ ቤዝ ጊታር የተሰቀለበት ወላጅ ወይም የቀድሞ ተማሪ ካለ፣ ክሩ ያለቀም አንገቱ የተጣመመም ቢሆን እንወስዳለን። ሐሙስ ከ9 ሰዓት ተኩል በኋላ ከላብራቶሪው ጀርባ ነን። ድምፁን ተከትላችሁ ኑ።