መርዶ ሳይጣራ አይነገርም

ይድረስ ለዝግጅት ክፍሉ፣

አሜሪካዊው ሠዓሊና ፊልም ሠሪ አንዲ ዋርሆል እ.ኤ.አ. በ1965 ስለቀረጸው «ሉፔ» የተባለ የሙከራ ፊልም ያወጣችሁትን ጽሑፍ አንብበናል። ወጣቱ እንዲህ ያለ ፊልም መኖሩን ማወቁ ደግ ነው። ሆኖም ፊልሙ የሚያነሳት የሜክሲኮ ተወላጇ ተዋናይት ሉፔ ቬሌዝ መጸዳጃ ቤት ውስጥ ተደፍታ ተገኘች ያላችሁት ይታረም። እ.ኤ.አ. በዲሴምበር 1944 ቤቨርሊ ሂልስ ቤቷ ውስጥ በ36 ዓመቷ ስትሞት፣ ጸሐፊዋ ያገኘቻት አልጋዋ ላይ ነው። የመጸዳጃ ቤቱን ወሬ ያዛመተው አሜሪካዊው ጸሐፊ ኬኔት አንገር ስለ ሆሊውድ የጻፈው መጽሐፍ ነው። ዋርሆልም ወሬውን ይዞ ሉፔን ሆና የተጫወተችውን ኢዲ ሴጅዊክን መጸዳጃው ላይ ደፍቶ ቀረጻት። እኛ ወሎ ላይ መርዶ ነጋሪ ማልዶ የሚሄደው ነገሩን አጣርቶ፣ ጎረቤት ሰብስቦ ነው።

ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ተመሳሳይ አጭር ፊልም ለመሥራት የሚያስቡ፣ መጀመሪያ የታየውንና የተገመተውን ለይተው ይጻፉ። የተገመተው ቦታ ላይ የተዋናይቷን ፊት አያሳዩ፤ ባዶ ክፍል፣ መጋረጃ፣ እጅ ይበቃል። ሉፔ የሞተችበትን መድኃኒት ስምና ብዛት ፈጽሞ አያሳዩ፤ ሐዘን ላይ ያለ ተመልካች አለ።

የዋርሆል ፊልም ሁለት የፊልም ጥቅል (ሪል) ሲሆን ጎን ለጎን ይታያል። ይህን በስልክ ሲሞክሩት ብዙ ጊዜ የሚበላሸው ክፈፉ ነው። 1920 በ1080 የሆነው ምስል ለሁለት ሲከፈል ለእያንዳንዱ የሚደርሰው 960 በ1080 ነው፤ ስለዚህ ተዋናይቷ በመካከለኛው ግማሽ ውስጥ ካልቆመች ፊቷ ይቆረጣል። ስልክ በሰከንድ የሚቀርጸውን የፍሬም (የነጠላ ምስል) ብዛት እንደ ብርሃኑ ከፍ ዝቅ ስለሚያደርግ፣ ከጥቂት ደቂቃ በኋላ ድምፁ ከከንፈር ይለያል። በሰከንድ 25 ፍሬም፣ ሻተሩን (ለእያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚገባበትን ጊዜ) በ1/50 ሰከንድ ቆልፉት። የእኛ መብራት 50 ኸርዝ ስለሆነ በ1/60 ከተቀረጸ አምፖሉ ይርገበገባል። በሁለት ስልክ የምትቀርጹ ከሆነ፣ ሁለቱም ሲቀርጹ አንዴ አጨብጭቡ፤ ኤዲቲንግ ላይ የሚያገናኛቸው ያ ነው። ድምፅ ከአንዱ ብቻ ይውሰዱ፤ ሁለቱ ሲናገሩ አንዱም አይሰማም። ክረምት ከሆነ ጠዋት ቅረጹ፤ ከሰዓት በኋላ ቆርቆሮው ላይ የሚወርደው ዝናብ ንግግሩን ይውጠዋል።

አምባሰልን ወይም ባቲን ከሥሩ ማስገባት ያጓጓል። አታስገቡ። የእኛ ሰው ቅኝቱን ሲሰማ የሚያለቅሰው ለራሱ ሟች ነው፤ ሉፔ ትረሳለች። የባዶውን ክፍል ድምፅ አንድ ደቂቃ ቀድታችሁ እሱን አንጥፉበት።

እርማቱ ጽሑፉ በወጣበት ገጽ ላይ እንዲታተም እንጠይቃለን።

የፊልም ባለሙያዎች፣ ከደሴ