ሜሊናም ታጨስ ነበር ላልሽው

ልጄ ሶስና፣

እንዴት ከረምሽ? እኛ ደህና ነን። ሲጋራ መጀመርሽን ወንድምሽ ነገረኝ። አትቆጪው፣ እኔ ነኝ ያወጣጣሁት። መልስሽንም ሰምቻለሁ፦ «ሜሊናም ታጨስ ነበር።» የዚያችን ግሪካዊት ተዋናይ ፊልም ያሳየሁሽ እኔው መሆኔ ቆጨኝ።

ሲጋራውን ተዪ።

ታጨስ ነበር፤ አልክድሽም። ግን ሜሊና ሜርኩሪን መድረክ ላይ ያቆማት ጭሱ መሰለሽ? አቴንስ ካለው የብሔራዊ ቴአትር ትምህርት ቤት በ1944 ተመረቀች (ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው)። የመጀመሪያ ፊልሟ «ስቴላ» የወጣው በ1955፣ በ34 ዓመቷ ነው። በመሃሉ መድረክ፣ መድረክ፣ መድረክ! በ1949 አዘጋጁ ካሮሎስ ኩን ዘንድ የቴኔሲ ዊልያምስን ተውኔት ባለታሪክ ብላንሽን ስትጫወት ካሜራ ገና አላያትም። የ«ስቴላ»ን መጨረሻ እንደገና እዪው። ሰውየው ቢላ ይዣለሁ፣ ሂጂ ይላታል፤ እሷ ወደ እሱ ትራመዳለች። እግሯን እዪልኝ እንጂ ድምፅዋን ብቻ አትስሚ።

ጎርናና ድምፅ አማረሽ አይደል? ጭስ የድምፅ አውታርን ያሳብጣል። ያበጠ አውታር ይከብዳል፣ ርግብግቡ ይዘገያል፣ ድምፁ ይወፍራል፤ አንቺ ያማረልሽ ይመስልሻል። ከፍ ያለው ድምፅ ግን ይጠፋል፣ ትንፋሽ ያጥራል፣ በጥንቱ የግሪክ ተውኔት ያለውን ረጅሙን የኤሌክትራ ንግግር መሃል ላይ ትቆርጪዋለሽ። ይልቅ ጠዋት ጠዋት አፍሽን ገጥመሽ 5 ደቂቃ አንጎራጉሪ። ከመካከለኛው ድምፅ ጀምሪ፣ ቀስ ብለሽ ውረጂ፣ ከዚያ ውጪ፤ ጉሮሮሽን አታስጨንቂ፣ ትንፋሹ ከሆድ ይምጣ። ድምፅሽ ከተዘጋ ደግሞ በሹክሹክታ አትለማመጂ፣ ዝም በዪ። ውኃ ጠጪ።

በ1960 አቴንስ አጠገብ ባለው ፒሬየስ ወደብ ላይ ዳይሬክተሩ ዡል ዳሲን በሠራው ፊልም የካን ፌስቲቫልን የተዋናይት ሽልማት ከፈረንሳይቷ ዣን ሞሮ ጋር ተካፈለች። ለኦስካርም ታጭታ ነበር፤ ኦስካሩን የወሰደው ግን የፊልሙ ዘፈን፣ የማኖስ ሃጂዳኪስ ድርሰት ነው። ይህን ሁሉ ታውቂዋለሽ፤ እኔ ሁሌ የሚገርመኝ ከዚያ በኋላ ያለው ነው። በ1967 ግሪክ ውስጥ ወታደሮቹ፣ ኮሎኔሎቹ፣ በመፈንቅለ መንግሥት ሥልጣን ሲይዙ ኒው ዮርክ መድረክ ላይ ነበረች። ዝም ብላ መኖር ትችል ነበር። ተናገረችባቸው፤ ዜግነቷን ገፈፏት፣ ንብረቷን ወረሱ። አገሯ የገባችው በ1974 ነው። በ1981 የባህል ሚኒስትር ሆነች፣ የአቴንስን ጥንታዊ ቤተ መቅደስ፣ የፓርተኖንን ቅርጻ ቅርጾች ከሎንደን አስመልሳለሁ ብላ ዓለምን ዞረች። ገና ብዙ የምትናገረው ነበራት። ማርች 6 ቀን 1994 ኒው ዮርክ ሞተች፣ በ73 ዓመቷ። የሳንባ ካንሰር ነው። ቅርጻ ቅርጾቹ እስከዚያ አልተመለሱም ነበር።

ሲጋራውን ተዪ አልኩሽ። መቃብሯ አቴንስ፣ አንደኛው መካነ መቃብር ነው፤ እዚያው ከተማ ተቀምጠሽ ሄደሽ አለማየትሽም ይገርመኛል። ሂጂ፣ ፓኬቱን ግን ከመሄድሽ በፊት ጣዪው።

ሹሮና በርበሬ አክስትሽ ይዛ ትመጣለች። ሹሮውን ፌስታሉ ውስጥ አታቆዪው፣ ክዳን ያለው ብርጭቆ ዕቃ ውስጥ ገልብጪው። ቡናው ጥሬ ነው፤ ስትቆዪው መስኮት ክፈቺ።

ሲጋራውን ተዪ፣ የኔ እናት።

እናትሽ