ዱካክ ብቻ አይደለም

ሰላም አዘጋጆች፣ ባለፈው ቅዳሜ ያወጣችሁትን ህልምና እውኑ ስለሚምታታበት ሰውዬ የሚያወራ አጭር ልብወለድ አንብቤ ሳቄ መጣ፣ እናንተ ፈጠራ ያላችሁት ነገር እኔ ቤት አለ። አምና ከእህቴ ጋር ሁለት ቀን ተኮራርፈናል፣ ያበደርኩሽን 500 ብር መልሺ ብዬ፣ ሁለቴ ቆጥራ ነጠላዋ ጫፍ ላይ ስትቋጥረው እኮ በአይኔ አይቻለሁ፣ ለካ ህልም ነው!

ሌሊት ደግሞ አይኔ ተከፍቶ ኮርኒሱን እያየሁ ጣቴን ማንቀሳቀስ ያቅተኛል፣ ደረቴ ላይ የሆነ ነገር ይቀመጥብኛል። እማዬ ዱካክ ነው ብላ ትራሴ ስር ቢላ ታደርጋለች (ቢላው ከዱካኩ በላይ ነው የሚያስፈራኝ)። ቢሮ ስብሰባ ላይ ሳንቀላፋ ግን ሰነፍ ነው የተባልኩት።

ከስንት መንከራተት በኋላ አንድ የነርቭ ሐኪም ናርኮሌፕሲ የሚባል የእንቅልፍ ሕመም ነው አለኝ። ስሙን ዤሊኖ የሚባል ፈረንሳዊ ዶክተር ነው በ1880 እ.ኤ.አ. ያወጣለት። እንደገባኝ ከሆነ አእምሮ ውስጥ ነቅተን እንድንቆይ የሚያደርገው ኦሬክሲን የሚባል ኬሚካል ሲያንስ ህልም የምናይበት እንቅልፍ ያለሰዓቱ ዘው ብሎ ይገባል፣ ሰውነት የሚቆለፈውም ህልማችንን ተነስተን እንዳንሰራው ነው። ዱካክ ብቻውን ግን ጤነኛም ሰው ይይዘዋል፣ በተለይ እንቅልፍ ያጣና በጀርባው የተኛ፣ ስለዚህ ዱካክ የያዘው ሁሉ እንደኔ ነው እያልኩ አይደለም።

እና ይሄን ደብዳቤ እውነት ልኬላችሁ ከሆነ የጤና ዓምዳችሁ ላይ ሐኪም ጠይቃችሁ አንድ ነገር ጻፉልን።

አንባቢያችሁ፣ ከደሴ