አባዬ፣ ስለ ሐምሌ 1919 ልንገርህ

ይድረስ ለውድ አባቴ፤ ድሬዳዋ፣ ከዚራ።

እንደምን ሰነበትክልኝ? ጉልበትህስ ተሻለህ? እኔ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነኝ፤ ሥራም ሰላም ነው። እማዬን፣ እቴቴን፣ ማሙሽን አንድ በአንድ ሳምልኝ። ቡና የምትጠጡ ጎረቤቶቻችንንም ሰላም በልልኝ።

ባለፈው ስንደዋወል አንድ ነገር ጠይቀኸኝ ሳልመልስልህ መስመሩ ተቋረጠ። «ይሄ የነጂም ሪቭስ፣ የነኬኒ ሮጀርስ ዘፈን መነሻው ከየት ነው? አንቺ እዚያው ናሽቪል ተቀምጠሽ የለ?» ነበር ያልከኝ። ጥያቄህ ከጭንቅላቴ አልወጣ አለ። እኔ የምሠራበት ሆቴል የሚያርፉት እንግዶች አብዛኞቹ የሚመጡት ለዚሁ ካንትሪ ለሚሉት የአሜሪካ የገጠር ዘፈን ነው። ብሮድዌይ የሚባለው መንገድ ላይ ከረፋድ እስከ እኩለ ሌሊት ባንድ አይጠፋም። ስለዚህ ማንበብ ጀመርኩ። ሙዚየም ገባሁ። የሥራ ጓደኛዬ መኪና ስላላት፣ ዕረፍታችን ሲገጥም ብሪስቶል ድረስ ወሰደችኝ። በስልክ የሚያልቅ ወሬ ስላልሆነ ነው የምጽፍልህ። ማሙሽ ቀስ ብሎ ያንብብልህ።

መልሱ አንድ ዓመት ነው አባዬ፤ በፈረንጆቹ 1927። በእኛ 1919 አልቆ 1920 የገባበት። ዘውዲቱ ንግሥት፣ ራስ ተፈሪ አልጋ ወራሽ ነበሩ። ባቡራችን አዲስ አበባ ከገባ ገና አስር ዓመቱ ነበር።

ዘፈኑ ከዚያ በፊትም ነበረ። ከእንግሊዝ፣ ከስኮትላንድና ከአየርላንድ የመጡ ሰዎች በአሜሪካ አፓላቺያ ተራሮች ውስጥ የቆየ ዜማቸውን በቫዮሊን ይጫወቱ ነበር። ባንጆ የሚባለውን የክር መሣሪያ ያመጡት ደግሞ በባርነት የተወሰዱት አፍሪካውያን ናቸው። ሁለቱ ተደባለቁ። ሸክላም ቢሆን ቀደም ብሎ ተቀድቷል። በ1923 አትላንታ ላይ ፊድሊን ጆን ካርሰን የሚባል ቫዮሊን ተጫዋች ተቀድቶ ሸክላው በጣም ተሸጠ። ያን ያስቀዳው ራልፍ ፒር የሚባል ሰው ነበር። ነጋዴ ነው። በ1927 ቪክቶር ከተባለው የሸክላ ኩባንያ ጋር ሲሠራ ደመወዙን ትቶ የዘፈኖቹን መብት መረጠ። በዚህም ከብሯል።

በዚያ ዓመት ሐምሌ ላይ ፒር ሚስቱንና ሁለት የቀረጻ ባለሙያዎችን ይዞ ብሪስቶል ገባ። ብሪስቶል ለሁለት የተከፈለች ከተማ ናት። የዋናው መንገድ አንዱ ጎን ቴነሲ ክፍለ ግዛት፣ ሌላው ቨርጂኒያ ክፍለ ግዛት ነው። በቴነሲ በኩል ድሮ የባርኔጣ ድርጅት የነበረበትን ሕንጻ ተከራየ። ድምፅ እንዳያስተጋባ ግድግዳው ላይ ብርድ ልብስ ሰቀሉ። ማይክሮፎን ተከሉ፤ በኤሌክትሪክ መቅዳት ያኔ ገና ሁለት ዓመቱ ነው። ዘፈኑ የሚቀረጸው በሰም ላይ ሲሆን፣ ሰሙን የሚያሽከረክረው እየወረደ የሚጎትት ክብደት ነበር። ሕንጻው ዛሬ የለም። ቦታው ላይ ምልክት ቆሟል፤ ሙዚየሙ ደግሞ በቨርጂኒያ በኩል ነው።

ቀረጻው ከሐምሌ 18 እስከ 29 ቆየ፤ በፈረንጆቹ ከጁላይ 25 እስከ ኦገስት 5። መጀመሪያ ሰው አልበዛም። ኋላ አንድ የከተማው ጋዜጣ ስለ ኧርነስት ስቶንማን ጻፈ። ስቶንማን አናጺ ነበር፤ ዘፈን በመቅዳት ባለፈው ዓመት ብቻ 3,600 ዶላር እንዳገኘ ጋዜጣው አወጣው። ከዚያማ ማን ይቀመጣል? በመኪና፣ በባቡር፣ በጋሪ፣ በእግር ከየተራራው ወረዱ። 19 ዘፋኞችና ቡድኖች 76 ዘፈን ቀዱ።

ከመጡት ውስጥ የካርተር ቤተሰብ አለ። ኤ ፒ ካርተር፣ ሚስቱ ሳራ፣ የወንድሙ ሚስት ሜቤል። አገራቸው ሜሴስ ስፕሪንግ ከብሪስቶል ወደ 40 ኪሎ ሜትር ይርቃል። መኪናው የወንድሙ ነው። ወንድምየው «ነፍሰ ጡር ሚስቴን ይዘህ የት ልትሄድ?» ቢል፣ ኤ ፒ የበቆሎ ማሳህን አርምልሃለሁ ብሎ ነው ያስፈቀደው ይባላል። መንገዱ ድንጋይ ነው፤ ጎማ ተነፈሰባቸው። ሳራ የምታጠባው ልጅ ነበራት። ሜቤል ዕድሜዋ 18፣ ሆዷ ገፍቷል። ልጇ ሄለን የተወለደችው በሴፕቴምበር 12 ነው። ቆጥሬ አየሁት፤ መስከረም 1 ቀን 1920፣ የእንቁጣጣሽ ዕለት!

ስድስት ዘፈን ቀዱ። በየዘፈኑ 50 ዶላር፣ ከሸክላው ሽያጭም ድርሻ። ሳራ መሪ ድምፅ ናት። ፒር ድምፅዋን እንደሰማ ነገሩ እንደገባው ኋላ ተናግሯል። እኔን ግን የያዘችኝ ሜቤል ናት። ጊታር ያኔ ማጀቢያ ነበር። እሷ በአውራ ጣቷ በወፍራሞቹ ክሮች ዜማውን ትጫወታለች፣ በሌሎቹ ጣቶቿ ምቱን ትጠብቃለች። አንዲት ልጅ የሁለት ሰው ሥራ ስትሠራ ነው የምትሰማው። ዛሬም ካንትሪ ጊታር የሚማር ሁሉ ይህን ይማራል። ዘፋኙን ጆኒ ካሽን ታውቀው የለ? ሚስቱ ጁን የሜቤል ልጅ ናት።

አሁን ደግሞ ያንተን ሰው ልንገርህ። ጂሚ ሮጀርስ ይባላል፤ የባቡር ሰው ነው። የተወለደው ሚሲሲፒ ውስጥ፣ ሜሪዲያን አካባቢ ነው። አባቱም የሐዲድ ሠራተኞች አለቃ ነበር። ልጁ በመጀመሪያ ለሠራተኞቹ ውኃ ያቀብል ነበር፤ አብዛኞቹ ጥቁሮች ነበሩ። ሐዲድ ሲያስተካክሉ የሚሉትን ዜማ የያዘው ከእነሱ ነው። ኋላ ፍሬን ያዥ ሆነ። አንተ ስለ አዋሽ መውረጃ ስታወራልን ሁልጊዜ ከምታነሳው ሥራ ጋር አንድ ነው። በ1924 ሳንባ ነቀርሳ እንዳለበት ታወቀ። ያኔ መድኃኒት አልነበረውም። የባቡር ሥራ ለሳንባ አይሆንም፤ ስለዚህ ሙሉ በሙሉ ወደ ዘፈን ዞረ።

ብሪስቶል የመጣው ከጓደኞቹ ባንድ ጋር ነበር። ከቀረጻው በፊት በነበረው ምሽት ሸክላው ላይ የማን ስም ይጻፍ በሚል ተጣሉ። ጓደኞቹ ለብቻቸው፣ እሱ ለብቻው ቀዱ። ሐምሌ 28 ቀን አንድ ጊታር ይዞ ብቻውን ማይክሮፎኑ ፊት ቆመ። ሁለት ዘፈን፣ 100 ዶላር። አንደኛው ስለ ጦር ሜዳ የቀረ ወታደር ነው። ሁለተኛው ምን ቢሆን ጥሩ ነው? እሹሩሩ ነው አባዬ። ልጅ ማስተኛ። መሀል ላይ ድምፁን ሰበር አድርጎ ወደ ላይ ይወረውረዋል፤ ዮድል ይሉታል። ማታ ማታ ከሥራ ስመለስ አውቶቡስ ውስጥ በጆሮ ማዳመጫ እሰማዋለሁ። ሕመሙ የሞት ፍርድ የሆነበት ሰው ለሕፃን ሲዘፍን ስሰማ አንጀቴን ይበላዋል።

በኖቬምበር መጨረሻ ኩባንያው ወዳለበት ካምደን ሄዶ እንደገና ቀዳ። የዚያን ቀን የቀዳው ብሉዝ ሸክላው በመቶ ሺዎች ተሸጠ። ብሉዝ የጥቁሮች ነው፤ ዮድሉ ከአውሮፓ ነው፤ የሚዘፍነው የባቡር ሠራተኛ ነው። ከዚያ በኋላ ስድስት ዓመት እንኳ አልኖረም። በሜይ 1933 ኒውዮርክ ውስጥ፣ በዘፈኖች መሀል አልጋ ላይ እየተጋደመ የመጨረሻዎቹን ቀዳ። በቀናት ውስጥ 35 ዓመቱ ላይ አረፈ። አስከሬኑን ወደ አገሩ የወሰደው ባቡር ነው። ይህን ሳነብ አንተ ነህ ትዝ ያልከኝ።

ዓመቱ ግን በብሪስቶል አላለቀም። ብዙ ሰው እዚያ ላይ ያቆመዋል፤ እኔ አልስማማም። ቀሪው ግማሽ እኔ በምኖርበት ከተማ ነው ያለው። እዚህ ናሽቪል የአንድ ኢንሹራንስ ኩባንያ የሆነ፣ ደብሊው ኤስ ኤም የተባለ ራዲዮ ነበር። ቅዳሜ ማታ የገጠር ዘፈን ያስተላልፋል። አዘጋጁ ጆርጅ ሄይ ይባላል። ዲሴምበር 10 ቀን 1927፣ በእኛ ኅዳር 30፣ የኦፔራና የክላሲክ ፕሮግራም እንዳለቀ የሱ ተራ ደረሰ። ያንን ምሽት ነው «ኦፔራ»ን በቀልድ አጣሞ ፕሮግራሙን ግራንድ ኦል ኦፕሪ ብሎ የሰየመው። እስከ ዛሬ ይተላለፋል። ያንተ ካሴቶች ላይ ያሉት ሰዎች ሁሉ እዚያ መድረክ ላይ መቆምን ይመኙ ነበር።

ይህ ስም በወጣለት ምሽት መጀመሪያ የተጫወተው ጥቁር ሰው ነው። ዲፎርድ ቤይሊ። የ27 ዓመት ወጣት ነበር። በሦስት ዓመቱ ፖሊዮ ያዘው፤ ለአንድ ዓመት አልጋ ላይ ተኝቶ ሃርሞኒካ የምትባለውን በአፍ የምትነፋ መሣሪያ ተማረ። የሰማውን ሁሉ በሃርሞኒካው ይመልሰው ነበር፤ ውሻውን፣ ዶሮውን፣ ባቡሩን። የዚያን ምሽት የተጫወተው ፓን አሜሪካን የተባለውን ፈጣን ባቡር ነው። ከሲንሲናቲ ተነስቶ በናሽቪል አድርጎ ኒው ኦርሊንስ የሚወርደውን። ሲነሳ ቀስ ይላል። ፍጥነት ይጨምራል። ፉጨቱ ይመጣል። በአንዲት ኪስ ውስጥ በምትገባ ዕቃ! ማሙሽ ይክፈትልህና ስማው። ትንፋሹን የት እንደሚስብ እስካሁን አልገባኝም።

በ1928 በዚያ ፕሮግራም ላይ ከማንም በላይ ብዙ ጊዜ የቀረበው እሱ ነው። ነገር ግን ለጉብኝት ሲወጡ ነጮቹ በሚበሉበት ምግብ ቤት አይበላም፤ በሚያድሩበት ሆቴል አያድርም። በ1941 አሰናበቱት። ከዚያ በኋላ እዚሁ ናሽቪል፣ ኤጅሂል የሚባል ሰፈር ውስጥ ጫማ እየጠረገ ኖረ። በ1982 ሞተ። የካንትሪ ዝነኞች አዳራሽ ስሙን ያስገባው በ2005 ነው። ጂሚ ሮጀርስ የገባው አዳራሹ በተቋቋመበት ዓመት፣ በ1961 ነበር። ብሪስቶልም ላይ ቢሆን በዚያ ሐምሌ የቀዳ አንድ ጥቁር ነበር፤ ኤል ዋትሰን፣ እሱም ሃርሞኒካ ተጫዋች። ኩባንያዎቹ የጥቁሮችን ሸክላ በአንድ ወገን፣ የነጮችን በሌላ ወገን ለይተው ነበር የሚሸጡት። ዘፋኞቹ ግን ዘፈን ሲወራረሱ ኖረዋል። ሌስሊ ሪድል የተባለ አንድ እግሩን ያጣ ጥቁር ጊታር ተጫዋች ከኤ ፒ ካርተር ጋር ዞሮ ዘፈን ሰብስቧል። ኤ ፒ ግጥሙን ይጽፋል፣ ሪድል ዜማውን ይይዛል። ሜቤልም ከእሱ ጊታር ተምራለች። የሸክላው ሽፋን ላይ ስሙ የለም።

ስለዚህ «ማን ጀመረው?» ላልከኝ መልሴ ይኸው ነው አባዬ። በቆሎ የሚያርም፣ ባቡር ላይ የሚሠራ፣ ልጅ የምታጠባ፣ ፖሊዮ የያዘው። ድሆች ናቸው። ዘፈኑ ከእነሱ ጋር ነበረ፤ በዚያ ዓመት አንድ ሰው ማይክሮፎን ይዞ ሄደላቸው፣ ከፈላቸውም።

ብሪስቶል ሙዚየሙ ውስጥ ድምፃቸውን ስሰማ ያሰብኩት ስለ እቴቴ ነው። ከመንዝ ይዛው የመጣችው የወፍጮ እንጉርጉሮ አለ። እኔንም ማሙሽንም ያስተኛችበት እሹሩሩ አለ። የሠርጉንም ከማንም በላይ ታውቃለች። አንዱም አልተቀዳም። ዕድሜዋ ሄዷል፤ አንተም ታውቃለህ።

ስለዚህ ይህን አድርግልኝ። የላክሁት ገንዘብ ለደህና ስልክ ይበቃል፤ ማሙሽ ይግዛ። ሳሎኑን ዝጉ። ፋኑን አጥፉት፤ ድምፁ ገብቶ ያበላሻል። እንደነ ፒር ብርድ ልብስ ግድግዳው ላይ ስቀሉ፤ የእማዬ ወፍራሙ ጋቢም ይሆናል። ስልኩን ከእቴቴ አፍ አንድ ክንድ ያህል አርቁት። ከመጀመሯ በፊት ስሟን ከነአባቷ፣ ዘፈኑን ከማን እንደተማረች፣ የት እንደሆነ ትናገር። ብትሳሳት አታስቁሟት። ለየዘፈኑ ከላክሁት ላይ ክፈላት፤ አልቀበልም ብትልም ስጣት። አንተም ስለ አዋሽ ባቡር የምትዘፍኑትን አንድ ጨምርልኝ።

ማሙሽ ቅጂውን በቴሌግራም፣ እንደ ፋይል አድርጎ ይላከው። እንደ ድምፅ መልእክት ከላከው ጥራቱ ይቀንሳል።

የምትወድህ ልጅህ፣
ከናሽቪል፣ ቴነሲ