ለቅዳሜ የተመረጠው ኮሜዲና የቴሌቪዥኑ ማስተካከያ

ውድ አባላት፣

የቅዳሜው ምርጫችን «ዘ ሃኒሙነርስ» ከተባለው የአሜሪካ ኮሜዲ፣ «የ99,000 ዶላሩ መልስ» የሚለው ክፍል ነው። ሲቢኤስ በተባለው የአሜሪካ ቴሌቪዥን ጣቢያ የታየው እ.ኤ.አ. በጥር 1956 ነው። ግማሽ ሰዓት ስለማይሞላ አታርፍዱ።

የኒውዮርኩ አውቶቡስ ሹፌር ራልፍ ክራምደን (ጃኪ ግሊሰን) በቴሌቪዥን ጥያቄና መልስ ላይ በዘፈን እውቀት ሊወዳደር ነው። ሳምንቱን ሙሉ ይሸመድዳል፤ ጎረቤቱ ኤድ ኖርተን (አርት ካርኒ) ፒያኖ እየመታ ይፈትነዋል። እዚህ ላይ ጆሯችሁን ስጡ። ኖርተን የትኛውንም ዘፈን ከመጀመሩ በፊት እጁን የሚያፍታታባት አንዲት ዜማ አለች። ራልፍ ይበሳጭባታል እንጂ የማን ናት ብሎ አይጠይቅም። መድረክ ላይ የሚጠብቀው የመጀመሪያው ጥያቄ ያቺው ዜማ ናት! የዜማዋ ደራሲ ማን ነው ሲባል መልሱ ስቲቨን ፎስተር ነው፤ ራልፍ የሚለው ግን «ኤድ ኖርተን» ነው።

መጨረሻውን መንገራችን አያስቀይማችሁ፤ አውቆ የሚያይ ሰው ዜማዋ በተደጋገመች ቁጥር ይስቃል። የመጨረሻዋን ደቂቃ ብቻ ቆርጦ ለሰው መላክ ግን ቀልዱን ይገድለዋል፤ ልምምዱን ያላየ ሰው ምኑ ላይ ይስቃል?

ቤት ሆናችሁ የምታዩ፣ የምስሉ ወርድና ቁመት 4 ለ 3 (4:3) ስለሆነ የቴሌቪዥኑን የስክሪን መጠን ወደዚያው መልሱት። ካልሆነ ግራና ቀኙ ይለጠጥና ድሮም ወፍራም የነበረው ግሊሰን በርሜል ያክላል። ሳቁ ከቀረጻ በኋላ የተጨመረ ሳይሆን አዳራሽ ውስጥ ከነበረው ተመልካች የመጣ ነው፤ አንዳንዴ ንግግሩን ስለሚውጠው ድምፁን ከመጨመር ይልቅ የግርጌ ጽሑፉን ክፈቱ።